የአካባቢ ጥያቄ፣ የመራጩ መለወጥና የፖለቲካ ፓርቲዎች ምላሽ፦ ወልቂጤና ቡታጅራ

የአካባቢ ጥበቃ ጉዳይ በሀገራችን ለረጅም ጊዜ የባለሙያና የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሥራ ተደርጎ ሲታይ ቆይቷል። በምርጫ ወቅት የሚነሡት ዋና ዋና ክርክሮች የመሬት ባለቤትነት፣ የፌዴራል አወቃቀር፣ የኑሮ ውድነትና የጸጥታ ጉዳዮች ነበሩ። ሆኖም የመጠጥ ውኃ እጥረት፣ የደረቅ ቆሻሻ ክምችት፣ የመሬት መሸርሸርና የወል መሬት መጥፋት በከተሞች ዕለታዊ ሕይወት ላይ ጫና ማሳደር ከጀመሩ ወዲህ ጉዳዩ ከባለሙያ ጠረጴዛ ወጥቶ የመራጩ ጥያቄ ሆኗል። ይህ ጽሑፍ በጉራጌ ዞን ዋና ከተማ በወልቂጤና ዛሬ የምሥራቅ ጉራጌ ዞን መቀመጫ በሆነችው በቡታጅራ መነሻነት፣ ፓርቲዎች ለዚህ ዓይነቱ ጥያቄ በምን መንገድ ምላሽ እንደሚሰጡና ምላሻቸውን የሚወስነው ምን እንደሆነ ለአንባቢ ለማስረዳት የተዘጋጀ ነው። ጽሑፉ ለየትኛውም ፓርቲ የድጋፍም ሆነ የተቃውሞ መግለጫ አይደለም።

ሁለቱ ከተሞችና ውኃቸው

ወልቂጤ ከአዲስ አበባ በስተደቡብ ምዕራብ በጅማ መንገድ 155 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ ትገኛለች። ቡታጅራ ደግሞ ወደ ሆሳዕና በሚወስደው መንገድ ከአዲስ አበባ በስተደቡብ 130 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ፣ በስምጥ ሸለቆው ምዕራባዊ ጠርዝ ተቀምጣለች። ሁለቱን የሚለያቸው ከፍታው ወደ 3,700 ሜትር የሚደርሰው የጉራጌ ተራራ ሰንሰለት ነው። ከተራራው ወደ ምዕራብ የሚወርደው ውኃ በዋቤ ወንዝ በኩል ወደ ጊቤ፣ ከዚያም ወደ ኦሞ ይፈስሳል፤ ወደ ምሥራቅ የሚወርደው ደግሞ በመቂ ወንዝ አድርጎ ወደ ዝዋይ (ደንበል) ሐይቅ ይገባል። አንድ ሕዝብ፣ አንድ ተራራ፣ ነገር ግን ሁለት ተፋሰስ ማለት ነው። በምዕራብ በኩል የሚታጠበው አፈር የግድቦች ሥጋት ሲሆን፣ በምሥራቅ በኩል የሚታጠበው የሐይቅ ሥጋት ይሆናል። ለሁለቱም ከተሞች አንድ ዓይነት የምርጫ ወረቀት ይዞ የሚቀርብ ፓርቲ ከሁለቱ በአንዷ ያለውን ጥያቄ መሳቱ አይቀርም።

በ1999 ዓ.ም. በተካሄደው የሕዝብና ቤት ቆጠራ ቡታጅራ ከ33 ሺህ በላይ፣ ወልቂጤ ደግሞ ወደ 29 ሺህ የሚጠጋ ነዋሪ ነበራቸው። ከዚያ ወዲህ አገር አቀፍ ቆጠራ አልተካሄደም፤ ከተሞቹ ግን በስፋትም በነዋሪም አድገዋል። በ2004 ዓ.ም. የተቋቋመው የወልቂጤ ዩኒቨርሲቲ ብቻውን በብዙ ሺህ የሚቆጠሩ ተማሪዎችን፣ መምህራንንና አገልግሎት ሰጪዎችን ወደ አካባቢው አምጥቷል። የውኃ መስመር፣ የቆሻሻ ማስወገጃና የፍሳሽ ሥርዓት በዚሁ ፍጥነት አላደገም። ቧንቧው በፈረቃ የሚመጣበት፣ ነዋሪው ጄሪካን ይዞ ቦኖ ላይ የሚሰለፍበት፣ አቅም ያለው ደግሞ ከቦቴና ከጋሪ የሚገዛበት ኑሮ በእነዚህ ሁለት ከተሞች ብቻ የተወሰነ ሳይሆን የብዙ መካከለኛ ከተሞቻችን የጋራ ገጽታ ነው።

የካቲት 2015

በወልቂጤ ይህ ችግር ፖለቲካዊ መልክ የያዘው በየካቲት ወር 2015 ዓ.ም. ነበር። ለረጅም ጊዜ የዘለቀውን የመጠጥ ውኃ እጥረት በመቃወም ነዋሪዎች፣ ብዙዎቹ ሴቶች፣ ባዶ ጄሪካን ይዘው ወደ አደባባይ ወጡ። ሰልፉ በጸጥታ ኃይሎች ተኩስ ተበተነ፤ የኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን ባወጣው መግለጫ ቢያንስ ሦስት ሰዎች መሞታቸውንና ሌሎችም በጥይት መቁሰላቸውን ገልጿል። ስለ አካባቢና ስለ ምርጫ የሚጻፍ ማንኛውም የማጣቀሻ ጽሑፍ በጉራጌ ምድር ይህን ቀን ዘልሎ ማለፍ አይችልም።

በወቅቱ ጉራጌ ዞን የደቡብ ብሔሮች፣ ብሔረሰቦችና ሕዝቦች ክልል አካል ስለነበር የከተማ ውኃ ሥራን የሚመራው የክልል ቢሮ መቀመጫው ሐዋሳ ነበር። ከሰልፉ ስድስት ወራት በኋላ፣ በነሐሴ 2015 ዓ.ም. የማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልል ሲመሠረት ዞኑ በሁለት ተከፍሎ ቡታጅራ የምሥራቅ ጉራጌ ዞን መቀመጫ ሆናለች። ስለዚህ አንድ መራጭ በ2013 ዓ.ም. ስለ ውኃ ድምፅ የሰጠው ለአንድ ክልል ምክር ቤት ሆኖ፣ መልሱን የሚጠብቀው ከሌላ ክልል ነው። ለፓርቲዎችም ይህ ቀላል ነገር አይደለም፤ በአንዱ አወቃቀር የተገባው ቃል በሌላው አወቃቀር ማን እንደሚፈጽመው በግልጽ ካልተነገረ ኃላፊነቱ በመሐል ይወድቃልና።

እዚህ ላይ አንድ ብዙ ጊዜ የሚዘነጋ ነገር አለ። ውኃ፣ ቆሻሻና የመንገድ ዳር ፍሳሽ በዋናነት የከተማ አስተዳደር ጉዳዮች ናቸው። የከተማና የቀበሌ ምክር ቤቶች ምርጫ ግን ከአዲስ አበባና ከድሬዳዋ በስተቀር ለመጨረሻ ጊዜ የተካሄደው በሚያዝያ 2005 ዓ.ም. ነው። ስለዚህ የወልቂጤ ወይም የቡታጅራ ነዋሪ ስለ ቦኖው ያለውን ቅሬታ በካርድ የሚገልጽበት ሳጥን ያለው በክልልና በፌዴራል ምርጫ ላይ ብቻ ነው። በዚያ ደረጃ ደግሞ ጥያቄው ከሰላምና ከአወቃቀር ጋር ተደባልቆ ይቀርባል፤ ሲደባለቅም ይደበዝዛል።

ሕጉ ምን ይላል

የኢ.ፌ.ዴ.ሪ. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 44 ማንኛውም ሰው ንጹሕና ጤናማ በሆነ አካባቢ የመኖር መብት እንዳለው ይደነግጋል። አንቀጽ 92 ደግሞ ሕዝቡ በቀጥታ የሚነካው የአካባቢ ፖሊሲና ፕሮጀክት ሲነደፍና ሲፈጸም ሙሉ ምክክር የማድረግና ሐሳቡን የመግለጽ መብት እንዳለው ያረጋግጣል። በ1989 ዓ.ም. የጸደቀው የኢትዮጵያ የአካባቢ ፖሊሲና በ1995 ዓ.ም. የወጡት የአካባቢ ተጽዕኖ ግምገማ (ቁጥር 299) እና የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር (ቁጥር 300) አዋጆች እነዚህን ድንጋጌዎች በሥራ ላይ ለማዋል የወጡ ናቸው። ስለ ውኃ ሀብት አስተዳደር የወጣው አዋጅ ቁጥር 197/1992 ለቤት ውስጥ ፍጆታ የሚውል ውኃ ከሌላው አገልግሎት ሁሉ ቅድሚያ እንዲሰጠው ያዝዛል። እንግዲህ አንድ ፓርቲ «ንጹሕ ውኃ አመጣለሁ» ብሎ ሲቀሰቅስ በሕግ የተቀመጠ ግዴታን ለመፈጸም ቃል መግባቱ እንጂ አዲስ ችሮታ ማቅረቡ አይደለም። መራጩ ይህን ልዩነት ቢያውቅ ጥያቄውን የሚያቀርብበት ቋንቋም ይለወጣል።

ፓርቲዎች በሌላ አገር ምን አደረጉ

በዓለም ላይ የመጀመሪያው የአረንጓዴ ፓርቲ የሚባለው እ.ኤ.አ. በ1972 በአውስትራሊያ ታዝማኒያ የተቋቋመው ቡድን ሲሆን፣ መነሻው ፔደር የተባለ ሐይቅ በኃይል ማመንጫ ግድብ ውኃ እንዳይዋጥ ለመከላከል ነበር። የጀርመን አረንጓዴዎች እ.ኤ.አ. በ1980 ተመሥርተው በ1983 ምክር ቤት ገቡ፤ በ1998 የመንግሥት ተጣማሪ ሆኑ። ለዚህ የረዳቸው የጀርመን የምርጫ ሥርዓት ፓርቲዎች ባገኙት ድምፅ መጠን ወንበር የሚከፋፈሉበት በመሆኑ ነው። በአፍሪካ ኬንያዊቷ ዋንጋሪ ማታይ ከዛፍ ተከላ ንቅናቄ ተነሥተው እ.ኤ.አ. በ2002 የምክር ቤት አባል ሆነዋል፤ የሩዋንዳው ዴሞክራሲያዊ አረንጓዴ ፓርቲም በ2018 ሁለት ወንበር አግኝቷል።

አዲስ ጥያቄ ሲመጣ ነባር ፓርቲዎች ከሦስት አንዱን እንደሚያደርጉ የፖለቲካ ሳይንስ ጥናቶች ያሳያሉ፦ ችላ ይሉታል፣ የራሳቸው ያደርጉታል፣ ወይም ፊት ለፊት ይቃወሙታል። ችላ ማለት ጥያቄው ትንሽ እያለ ያዋጣል፤ ሲያድግ ግን ባዶ ቦታ ይፈጥራል፤ ባዶውንም ቦታ ሌላ ይሞላዋል። በምዕራብ አውሮፓ የአካባቢ ጥያቄ የተነሣው በአብዛኛው የዕለት እንጀራ ጭንቀት ከቀለለለት ትውልድ ነው የሚል በስፋት የሚታወቅ ትንታኔ አለ። ይህ ትንታኔ ወልቂጤ ላይ አይሠራም። ባዶ ጄሪካን ይዛ አደባባይ የወጣች እናት ከኑሮ የተረፈ ጥያቄ አላነሣችም፤ ጥያቄው ራሱ ኑሮ ነው።

በሀገራችን ያለው መልክ

በኢትዮጵያ የተወካዮች ምክር ቤት ወንበር የሚገኘው በምርጫ ክልሉ አብላጫ ድምፅ በማግኘት ነው። ስለዚህ በመላ ሀገሪቱ ተበታትኖ የሚገኝ የአካባቢ ጥበቃ ደጋፊ ለብቻው ወንበር ሊያስገኝ ይከብደዋል። በአዋጅ ቁጥር 1162/2011 መሠረት አገር አቀፍ ፓርቲ 10,000፣ ክልላዊ ፓርቲ ደግሞ 4,000 መሥራች አባላት ያስፈልጉታል። የአካባቢ ጥያቄ ራሱን የቻለ ፓርቲ ከመሆን ይልቅ በነባሮቹ ውስጥ ገብቶ ማደሩ ከዚህ ጋር ይያያዛል።

ጥያቄውን «የራስ ማድረግ» የሚለው መንገድ በግልጽ የታየው በገዥው ፓርቲ በኩል ነው። ኢሕአዴግ በሥልጣን በነበረበት ዘመን፣ በ2004 ዓ.ም. ለአየር ንብረት ለውጥ የማይበገር አረንጓዴ ኢኮኖሚ ስትራቴጂ ይፋ ሆነ፤ ይህ በዋናነት ለልማት አጋሮችና ለእቅድ ባለሙያዎች የሚናገር ሰነድ ነበር። በ2011 ዓ.ም. የተጀመረው የአረንጓዴ አሻራ መርሐ ግብር ግን ለመራጩ የሚናገር ሆነ። በአራት ዓመት 20 ቢሊዮን ችግኝ ለመትከል ታቅዶ፣ በዚያው ዓመት ሐምሌ 22 ቀን በአንድ ቀን ከ350 ሚሊዮን በላይ ችግኝ መተከሉ ተገለጸ። በኅዳር 2012 ዓ.ም. የተመሠረተው የብልጽግና ፓርቲ ይህን መርሐ ግብር ከመለያዎቹ አንዱ አድርጎታል። ችግኝ ተከላ ሰው ሁሉ እጁን የሚያስገባበት፣ በፎቶግራፍ የሚታይ፣ ማንም በይፋ የማይቃወመው ሥራ ነው። ጠንካራ ጎኑም ደካማ ጎኑም ይኸው ነው፤ የተተከለው ስንቱ ጸደቀ የሚለው ጥያቄ የተከላውን ቀን ያህል ሰው አይሰበስብም። ለውኃ ጠሚው ከተማ ደግሞ ችግኙ የነገ ተስፋ ሲሆን ቧንቧው የዛሬ ጥያቄ ነው፤ አንዱ የሌላው ምትክ ሊሆን አይችልም።

ተፎካካሪ ፓርቲዎች በበኩላቸው ሁለት መንገድ አላቸው። በግንቦት 2011 ዓ.ም. የተመሠረተው የኢትዮጵያ ዜጎች ለማኅበራዊ ፍትሕ (ኢዜማ) አደረጃጀቱን በምርጫ ወረዳ ላይ መመሥረቱ የአካባቢን ጥያቄ ከታች ለማንሣት አመቺ ነው። ከስድስተኛው ጠቅላላ ምርጫ በኋላ የተቋቋመው ጎጎት ለጉራጌ አንድነትና ፍትሕ ፓርቲ ደግሞ የጉራጌን ሕዝብ የመዋቅርና የፍትሕ ጥያቄ ማዕከል አድርጎ የተነሣ ነው። የዞኑ ምክር ቤት በኅዳር 2011 ዓ.ም. የክልልነት ጥያቄ ካጸደቀ ጀምሮ ይህ ጉዳይ በአካባቢው ፖለቲካ ውስጥ ከፍተኛውን ቦታ ይዞ ቆይቷል። በዚህም ምክንያት የውኃና የመሬት ጥያቄዎች ራሳቸውን ችለው ከመቅረብ ይልቅ «ክልል ብንሆን ኖሮ» ወይም «ክልል ሆነንም ቢሆን» በሚሉ ክርክሮች ውስጥ ተጠቅልለው ይቀርባሉ። የመዋቅሩ ጥያቄ ሕጋዊና ተገቢ ነው፤ ሆኖም የትኛው መዋቅር ምንጩን እንደሚጠብቅ፣ ቱቦውንም እንደሚዘረጋ ካልተነገረ መራጩ ለማነጻጸር የሚይዘው ነገር የለም።

መራጩ ማን ነው

የጉራጌ ድምፅ ተንቀሳቃሽ መሆኑ ከዚህ ቀደም ታይቷል። በግንቦት 1997 ዓ.ም. ምርጫ ቅንጅት በዞኑ ሰፊ ድጋፍ አግኝቶ ነበር፤ በ2002 ዓ.ም. ግን ኢሕአዴግና አጋሮቹ በመላ ሀገሪቱ ከሁለት በስተቀር ሁሉንም የተወካዮች ምክር ቤት ወንበር ወሰዱ። ሰኔ 14 ቀን 2013 ዓ.ም. በተካሄደው ስድስተኛው ጠቅላላ ምርጫ ብልጽግና አብዛኛውን ወንበር ሲያሸንፍ ኢዜማ በተወካዮች ምክር ቤት አራት ወንበር አግኝቷል። በቡታጅራ ዙሪያ ደግሞ የመስቃንና ማረቆ ሁለት ምርጫ ክልል ድምፅ የሰጠው በሰኔ 2016 ዓ.ም. በተካሄደው ቀሪና ድጋሚ ምርጫ ነው።

ከቁጥሩ በላይ የተለወጠው የመራጩ አኗኗር ነው። የጉራጌ ቤተሰብ ለብዙ አሥርት ዓመታት በሁለት ቦታ ሲኖር ኖሯል፤ አባት ወይም ወንድ ልጅ መርካቶ፣ እናትና ታናናሾች አገር ቤት። በ1950ዎቹ ከዓለምገና በቡታጅራ አድርጎ ወደ ወላይታ ሶዶ የሚወስደውን መንገድ በመዋጮ ለማሠራት የተነሣው ማኅበር የዚህ ኑሮ ውጤት ነው። ከተሜው ገንዘቡን አዋጥቶ ለአገር ቤቱ መንገድ ሠራ። ዛሬም በመስቀልና በአረፋ ወደ አገር ቤት የሚመለሰው ሰው የምንጩን መድረቅና የመስኩን መጥበብ በዓመት አንድ ጊዜ እያየ ያነጻጽራል፤ እዚያው ያለው ሰው ቀስ በቀስ የለመደውን ለውጥ እርሱ በአንድ ጊዜ ያየዋል። አስተያየቱ በቤተሰቡ ድምፅ ላይ ጫና አለው፤ ካርዱ ግን ያለው አዲስ አበባ ነው። በአንጻሩ በከተሞቹ ውስጥ ከገጠር የመጣው ወጣት፣ ተማሪውና ባለ ባጃጁ የአካባቢው አዲስ መራጮች ናቸው። እነዚህ ከየትኛው ጎሳ ወይም ቤት እንደሆኑ ከመጠየቃቸው በፊት የኪራይ ቤታቸው ውኃ አለው ወይ ብለው የሚጠይቁ ናቸው።

ባሕር ዛፍ፣ እንሰትና ጀፎረ

ፓርቲዎች በጣም የሚጠነቀቁበት ጉዳይ ባሕር ዛፍ ነው። ወደ ሀገራችን በዳግማዊ ምኒልክ ዘመነ መንግሥት የገባው ይህ ዛፍ በጉራጌ ደጋ የገበሬው የቁጠባ ሣጥን ሆኗል። ለሠርግ፣ ለልጅ ትምህርትና ለሕክምና ገንዘብ ሲያስፈልግ ተቆርጦ ለግንባታ ማገዶና ማገር ወደ ከተማ ይጫናል። በሌላ በኩል ከምንጭ አጠገብ ሲተከል ውኃውን እንደሚቀንስና ከሥሩ ሌላ ተክል እንደማያበቅል ገበሬው ራሱ ይናገራል። በ1900ዎቹ መጀመሪያ ባሕር ዛፍ በከፊል እንዲነቀል የወጣው የምኒልክ ዘመን አዋጅ ሳይፈጸም መቅረቱ የሚታወስ ነው፤ ባለዛፉ ብዙ ሆኖ፣ ምትክ ሳይሰጠው ንቀል ቢባል እንደማይነቅል መቶ ዓመት ያለፈው ማስረጃ አለን ማለት ነው። ዛሬም «ይነቀል» የሚል ፓርቲ የገበሬውን ድምፅ ያጣል፤ «ይተከል» የሚል ፓርቲ የምንጩን ጠጪ ያስቀይማል። መሐሉን የሚይዝ፣ ማለትም ከምንጭና ከወንዝ ዳር እንዲርቅ የሚያደርግና በምትኩ አቮካዶን፣ አፕልንና አገር በቀል ዛፍን በገበያ የሚደግፍ ሐሳብ ለቅስቀሳ መፈክር አይመችም፤ ለአስተዳደር ግን የሚመቸው እርሱ ነው።

እንሰትም እንደዚሁ ነው። ድርቅን የሚቋቋም፣ በአነስተኛ መሬት ብዙ ሰው የሚመግብ ተክል ቢሆንም በአጠውልግ በሽታ ይጠቃል፤ በከተማ ዙሪያ ደግሞ ቦታውን ለጫትና ለቤት ግንባታ ይለቅቃል። ቆጮ የምታዘጋጀው ሴት ስለሆነች የእንሰት ጥያቄ በባሕርዩ የሴት መራጭ ጥያቄ ነው። የውኃው ጥያቄም እንዲሁ። የምርጫ ፕሮግራሞች ሴቶችን በአንድ ምዕራፍ፣ አካባቢን በሌላ ምዕራፍ ለይተው ሲያስቀምጡ ሁለቱ አንድ ሰው ላይ እንደሚገናኙ ያመልጣቸዋል።

ጀፎረ በጉራጌ መንደር ትይዩ በተሠሩ ቤቶች መካከል የሚያልፍ ሰፊ፣ ሣር የለበሰ የወል ጎዳና ነው። ለቅሶው፣ ሠርጉ፣ የመስቀል ጨዋታው፣ የፈረስ ግልቢያውና የሽማግሌ ሸንጎው በዚያ ላይ ይከናወናል፤ ከብት ይግጥበታል፤ የዝናብ ውኃም ሣሩ ውስጥ ይሰርጋል። ማንም አጥሩን ገፍቶ ጀፎረን እንዳያጠብ የሚከለክለው በሰባት ቤት የጆካ ሸንጎ የሚጸናው ቂጫ የተባለው ባህላዊ ሕግ ነው። ፓርቲም ሆነ ምርጫ ቦርድ ሳይኖር የወል መሬትን ለትውልድ ያቆየ ሥርዓት መኖሩ ለዛሬው ክርክር ትልቅ ሀብት ነው። ከተሞች ወደ ገጠሩ ሲሰፉ ግን በከተማ ፕላን ውስጥ ጀፎረ «ባዶ ቦታ» ተብሎ ሊመዘገብ ይችላል፤ ባዶ የተባለ ቦታ ደግሞ ለኢንቨስትመንት ወይም ለመኖሪያ ቤት መታሰቡ አይቀርም። የከተማ ፕላን ለውይይት ሲቀርብ ነዋሪው ሊመለከተው የሚገባው አንዱ ነገር ይህ ነው።

ነዋሪው በምርጫዎች መካከል ያለው መብት

ጠቅላላ ምርጫ በአምስት ዓመት አንድ ጊዜ ነው። በመካከሉ የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 ለነዋሪው ሌላ በር ከፍቷል። ማንኛውም ሰው በአካባቢ ላይ ጉዳት በሚያደርስ ወይም ሊያደርስ በሚችል አካል ላይ፣ ጉዳዩ በግሉ የሚነካው መሆኑን ማስረዳት ሳይጠበቅበት፣ ለፌዴራሉ የአካባቢ ጥበቃ ባለሥልጣን ወይም ለሚመለከተው የክልል የአካባቢ መሥሪያ ቤት አቤቱታ ማቅረብ ይችላል። መሥሪያ ቤቱ በ30 ቀን ውስጥ ውሳኔ ካልሰጠ ወይም አቤት ባዩ በውሳኔው ካልረካ፣ ውሳኔው ከተሰጠበት ወይም የውሳኔው ጊዜ ካለፈበት ቀን ጀምሮ በ60 ቀን ውስጥ ፍርድ ቤት ክስ መመሥረት ይቻላል። የአካባቢ ተጽዕኖ ግምገማ ሪፖርቶችም ለሕዝብ ክፍት እንዲሆኑና አስተያየት እንዲሰበሰብባቸው አዋጅ ቁጥር 299/1995 ያዝዛል። አስተያየት ሲሰጥ በጽሑፍ ማስገባትና የገባበትን ቀን የሚያሳይ ማኅተም ያለበት ቅጂ መያዝ ይመከራል።

በ2017 ዓ.ም. የተወካዮች ምክር ቤት ያጸደቀው የደረቅ ቆሻሻ አያያዝና አወጋገድ አዋጅ አንድ ጊዜ ብቻ አገልግሎት የሚሰጡ የፕላስቲክ ከረጢቶችን፣ በተለምዶ ፌስታል የምንላቸውን፣ ከልክሏል። አፈጻጸሙ የሚለካው በቡታጅራና በወልቂጤ የገበያ ቀን ነው። ነጋዴው ምትክ ዘንቢልና የወረቀት ከረጢት በምን ዋጋ እንደሚያገኝ፣ የከተማው ጽዳት ማኅበራትም የተሰበሰበውን የት እንደሚያራግፉ በሚቀጥሉት የምርጫ ክርክሮች ፓርቲዎች ሊጠየቁ የሚገባቸው ጉዳዮች ናቸው።

በመራጭነት ለመመዝገብ ኢትዮጵያዊ መሆን፣ በምዝገባው ቀን 18 ዓመት መሙላትና በምርጫ ክልሉ ቢያንስ ለስድስት ወራት መኖር ያስፈልጋል። ከገጠር ወደ ከተማ የተዛወረ ወይም ከአዲስ አበባ ተመልሶ በወልቂጤና በቡታጅራ ኑሮውን የመሠረተ ሰው የስድስት ወሩ ጊዜ መሙላቱን የሚያሳይ ማስረጃ ከቀበሌው አስቀድሞ ቢይዝ ምዝገባው ሲከፈት አይጉላላም።